ሃምሳ ስምንት ሳንቲ ሜትር ቤት

አሰለፈች ዳምጤ ልትፈታው የተነሳችው ችግር ባጭሩ ይህ ነው፦ ሦስት መቶ ሺህ ብር የት ገባ?

አልተሰረቀም። አልጠፋም። ወር በገባ ቁጥር ወልድያ ከሚገኝ አንድ ባንክ መስኮት ፊት ቆማ በገዛ እጇ ያስረከበችው ገንዘብ ነው፤ ደረሰኙ ሁሉ አለ። የተበደረችው ስድስት መቶ ሺህ ብር ነበር። ጥቂት መቶ ብር ሲቀረው ሦስት መቶ ሺህ ከፈለች። ከምትኖርበት ከመርሳ ከተማ ገበያ የፈለጋችሁትን ሰው አስቁማችሁ ብትጠይቁ፣ የቀረባት ሦስት መቶ ሺህ ነው ይላችኋል። ባንኩ ግን አምስት መቶ ስልሳ አምስት ሺህ ሦስት መቶ አርባ ሰባት ብር ይቀርሻል አላት። ሰባቷን ብር እንኳ አልረሳም። እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ሊደነቅ ይገባዋል።

አሰለፈች የሃምሳ አንድ ዓመት ሴት ናት። ሽንኩርትና ማንጎ በጅምላ ትነግዳለች። ማለዳ ግራና ሸለቆ ወርዳ ከመስኖ ገበሬዎች ትገዛለች፤ አይሱዙ ላይ አስጭና ወልድያ ታራግፋለች። የሚጭኑት የቀን ሠራተኞች ናቸው፤ እርሷ ግን ጆንያ ሲነሳ ቆሞ ማየት አይሆንላትም፣ አንዱን ጫፍ ትይዛለች። ጉልበቶቿ ይህን ጠባይዋን ከሁለት ዓመት ወዲህ መቃወም ጀምረዋል፤ ደረጃ ስትወጣ ድምፃቸው ይሰማል። ስለዚህ እቅዷ ግልጽ ነበር፦ ጉልበቷ ሳይከዳት የቤት ዕዳዋን ጨርሳ፣ ገበያውን ለሌላ ትታ፣ በራሷ በረንዳ ላይ መቀመጥ።

ከንግዱ በላይ የምትታወቀው ግን በእቁብ ዳኝነቷ ነው። ሃያ የመርሳ ነጋዴዎች በየሳምንቱ ሺህ አምስት መቶ ብር ይጥላሉ፤ ዕጣ የወጣለት ሠላሳ ሺህ ብር ይበላል። አሰለፈች ይህን እቁብ አሥራ ስምንት ዓመት መርታለች፤ አንድም ቀን ገንዘብ ጎድሎባት አያውቅም። በእርሷ እቁብ ውስጥ አንድ ወግ አለ፦ ዳኛው ዕጣ ውስጥ አይገባም፣ መጨረሻ ላይ ይበላል። «ቀድሞ የሚበላ ዳኛ ሰው አያምነውም» ትላለች። ሌላም ወግ አላቸው፦ አሥረኛው ሳምንት ላይ፣ እቁቡ ግማሽ ሲደርስ፣ አብረው ምሳ ይበላሉ። ምሳውን «ግማሽ» ይሉታል።

የእቁብ ሂሳብ ንጹሕ ነው፤ እስኪ ልብ በሉት። ሠላሳ ሺህ ትበላላችሁ፣ ሠላሳ ሺህ ትከፍላላችሁ። አሥር ሳምንት ከከፈላችሁ አሥር ይቀራችኋል። ግማሽ ማለት ግማሽ ነው። አሥራ ስምንት ዓመት በዚህ ሂሳብ የኖረ ጭንቅላት ባንክ ቤት ሲገባ ምን ያያል? ቀድሞ የሚያበላ ትልቅ እቁብ ያያል።

ቦታው የራሷ ነው፤ ስድስት ሜትር በአሥር ሜትር የሆነውን ቤት ግን በብድሩ ሠራች። ወለድ በዓመት አሥራ ስድስት በመቶ፣ ዘመኑ አሥራ አምስት ዓመት፣ ወርሃዊ ክፍያው ስምንት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ ሁለት ብር። ውሉ ወፍራም ነበር። እርሷም እኔም እናንተም እንደምናደርገው፣ ለፊርማ ምልክት የተደረገበትን ቦታ እየፈለገች ፈረመች።

ሠላሳ አራተኛውን ክፍያ ስትከፍል ወሩ ጥር ነበር። ሦስት መቶ ሺህ ሞላ። ግማሽ! በወጉ መሠረት ምሳ ያስፈልጋል። በአገራችን ደግሞ እንግዳው ክርስቲያንም ሙስሊምም ስለሆነ አንድ በግ አይበቃም፤ አንዱ ለክርስቲያኑ፣ አንዱ ለሙስሊሙ፣ እያንዳንዱ በራሱ ሰው ይታረዳል። ሁለት በግ፣ ለስላሳ፣ ቅመም፣ ዘይት፤ በድምሩ ሃያ አንድ ሺህ ስድስት መቶ ብር ወጣ። ይህን ቁጥር ያዙልኝ፤ ኋላ ያስፈልገናል።

የእቁቡ ሰዎች መጡ፣ ጎረቤት መጣ። ቤቱ ሲሠራ ቆርቆሮና ሚስማር የሸጠላት ዛኪር፣ የብረታ ብረት ሱቅ ያለው የእቁብ ጓደኛዋ፣ ከሁሉም ቀድሞ መጣ። ወልድያ ያለችው የባንኩ የብድር ባለሙያ ናርዶስም ተጠርታ ነበር፤ ከሥራ ቀን ውጭ በሚኒባስ ተሳፍራ መጣች።

ምሳው ሲጋመስ አሰለፈች ተነሳች።

«ወገኖቼ፣ በናንተ ጸሎት ግማሹን ተሻገርኩ። የቀረኝ ሦስት ዓመት አይሞላም። ከሦስት ዓመት በኋላ ግራና ወርዶ ሽንኩርት የሚጭን ሌላ ሰው ፈልጉ!»

ተጨበጨበ። እልል ተባለ።

«እንግዲህ ግማሹ ያንቺ ከሆነ ለኔ አከራዪኝ» አለ ዛኪር፤ «ቆርቆሮ አስቀምጥበታለሁ።»

ናርዶስ የያዘችውን ጉርሻ መልሳ ሳህኑ ላይ አስቀመጠች።

«እትዬ አሰለፈች፣ ለብቻዎ ትንሽ ላናግርዎት?»

«እዚሁ ተናገሪ ልጄ፣ ሁሉም የኔ ሰው ነው።»

«ኧረ ሰኞ ቢሮ ቢመጡ ይሻላል።»

«የምሥራች ምን ያሳድረዋል? በይ ተናገሪ!»

ናርዶስ ግራ ቀኙን አየች። «የከፈሉት ሦስት መቶ ሺህ ነው፣ ልክ ነው። ከዋናው ብድር የተቀነሰው ግን… ሠላሳ አራት ሺህ ነው።»

«ሠላሳ አራት ምን?»

«ሠላሳ አራት ሺህ ስድስት መቶ ሃምሳ ሦስት።»

«የቀረውስ?»

«ወለድ ነው።»

አጥንት የሚግጠው ሁሉ መጋጡን አቆመ። አንድ ሰው ሳያስበው ማጨብጨብ ጀምሮ ተወው።

«ሱብሃነላህ!» አለ ዛኪር። «ወለድ ሐራም ነው ስልሽ ምን ነበር ያልሽኝ? ‹ዛኪር፣ አንተ ቆርቆሮህን ሽጥ› አልሽኝ።»

«ሸጥክልኝ አይደል እንዴ?»

«ሸጥኩ፤ እሱ ሐላል ነው።»

ሰው ሳቀ። አሰለፈች አልሳቀችም። ሰኞ ማለዳ፣ ገበያ ሳትወጣ፣ ወልድያ ናርዶስ ቢሮ ተገኘች።

አሁን ወደ ሂሳቡ እንግባ፤ አትፍሩ፣ ከሽንኩርት ንግድ አይከብድም፣ እንዲያውም ያምራል። ባንኩ በየወሩ የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ ብቻ ነው፦ «አሁን እጅሽ ላይ ስንት ብሬ አለ?» በመጀመሪያው ወር መልሱ ስድስት መቶ ሺህ ነው። የዚያ የዓመት ወለድ ዘጠና ስድስት ሺህ ብር ይሆናል፤ ለአሥራ ሁለት ወር ሲካፈል ስምንት ሺህ። አሰለፈች ስምንት ሺህ ስምንት መቶ አሥራ ሁለት ከፈለች። ስምንት ሺው ለወለድ ሄደ። ወደ ቤቱ የገባው ስምንት መቶ አሥራ ሁለት ብር ነው፤ አንድ ቆርቆሮ እንኳ በደህና አይገዛም።

በሁለተኛው ወር ዕዳው በዚያችው ስምንት መቶ አሥራ ሁለት ብር ስለቀነሰ ወለዱም ትንሽ ይቀንሳል። ስንት? አሥራ አንድ ብር! ስለዚህ ወደ ቤቱ የሚገባው ስምንት መቶ ሃያ ሦስት ይሆናል። በሦስተኛው ወር እንደገና አሥራ አንድ ብር ይጨምራል። ክፍያው አይለወጥም፤ ውስጡ ግን በአሥራ አንድ ብር ፍጥነት ከባንኩ ወደ ቤቱ እየተንፏቀቀ ይሄዳል። በዚህ አካሄድ ዋናው ብድር በእርግጥ ግማሽ የሚሆነው በአሥራ ሁለተኛው ዓመት ነው። አሰለፈች ድግሷን የጠራችው ስምንት ዓመት ከምናምን ቀድማ ነበር ማለት ነው። እስከ መጨረሻው ብትሄድ ደግሞ ለስድስት መቶ ሺህ ብር ቤት አንድ ሚሊዮን አምስት መቶ ሰማንያ ስድስት ሺህ ትከፍላለች። አንድ ቤት ሠርታ ለሁለት ቤት ተኩል ትከፍላለች፤ የምትኖረው በአንዱ ነው።

ለባንኩ ፍትሐዊ እንሁን። ምንም አልደበቀም። ሁሉም ነገር ውሉ ላይ አለ፣ የሚያናድደውም ይኸው ነው። ብድሩም ባይኖር ቤቱ አይኖርም ነበር፤ እርሷም ኪራይ እየከፈለች በሰው ቤት ትቆይ ነበር። ነገሩ ብድር ክፉ ነው የሚል አይደለም። ነገሩ፣ በግ ከመታረዱ በፊት ዋጋ መጠየቅ ነው።

«ታዲያ ለምን አልነገርሽኝም?» አለች አሰለፈች።

«ነግሬዎት ነበር እኮ፣ የፈረሙ ዕለት። ‹እቁብ ነው በያ› ብለውኝ ሳቁ።»

አሰለፈች ይህን አስታወሰች። በእርግጥም ስቃ ነበር።

ከወልድያ ስትመለስ ሱቁ ጎራ ብላ ዛኪርን ሜትሩን ይዞ እንዲከተላት አዘዘችው። ጠመኔ ገዛች። ቤቱ ስልሳ ካሬ ሜትር ነው፣ ዋጋው ስድስት መቶ ሺህ፤ ስለዚህ አንዱ ካሬ አሥር ሺህ ብር ነው። ስፋቱ ስድስት ሜትር ስለሆነ፣ ከበሩ ወደ ውስጥ አንድ ሳንቲ ሜትር መግባት ስድስት መቶ ብር ያወጣል። ሠላሳ አራት ሺህ ስድስት መቶ ሃምሳ ሦስትን ለስድስት መቶ አካፍሉት። ሃምሳ ስምንት ሳንቲ ሜትር ሊሞላ ጥቂት ይቀረዋል።

ዛኪር ከበሩ ሥር ሜትሩን ያዘ፤ እርሷ ሊሾው ላይ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ ነጭ መስመር አሰመረች። ከመስመሩ ወዲህ የእርሷ፣ ከመስመሩ ወዲያ የባንኩ። በሕግ እንዲህ አይደለም፤ በሕግ ቤቱ በሙሉ የእርሷ ነው፣ ባንኩ መያዣ ብቻ ነው ያለው። በሂሳብ ግን መስመሩ ልክ ነው፤ እንዲህ ያለ ግልጽ ሥዕል የትም አላየሁም።

ዛኪር ከመስመሩ ወዲህ ቆሞ የራሱን ጫማ ተመለከተ። «እንዴ፣ ጫማ ማውለቂያው ብቻ ነው ያንቺ! ሶፋው የባንክ፣ ቡፌው የባንክ፣ አልጋሽም የባንክ። ታዲያ ባንኩ ‹ደህና አደርሽ› ይልሻል?»

«ዝም በልና ለካ። በጉ ስንት ይሆናል?»

ያንን ቁጥር አሁን እናውጣው። ሃያ አንድ ሺህ ስድስት መቶ ብር ለስድስት መቶ ሲካፈል ሠላሳ ስድስት ሳንቲ ሜትር ነው። እንግዶቿ በአንድ ምሳ ሠላሳ ስድስት ሳንቲ ሜትር ቤት በልተው፣ እጃቸውን ታጥበው፣ መርቀው ሄደዋል።

«የኔ ድርሻ የቱ ጋ ነበር?» አለ ዛኪር።

«አንተማ ሁለት ጊዜ ነው የበላኸው። እዚህ ጋ!» ብላ በጠመኔው ጠቆመችው።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ክፍያ በከፈለች ቁጥር መስመሩን ትገፋለች። መደበኛው ክፍያ በወር ሁለት ሳንቲ ሜትር፣ አንድ ጣት ያህል፣ ይገፋዋል። መኝታ ቤቷ የሚጀምረው ከበሩ አራት ሜትር ላይ ነው። በአንድ ጣት አካሄድ እዚያ ለመድረስ ከሰባት ዓመት በላይ ይፈጃል፤ ቤቱን ለመጨረስ ደግሞ ስልሳ ሦስት ዓመቷን ታልፋለች። ጉልበቶቿ ይህን ውል አልፈረሙም።

«አልጋሽን ወደ በሩ አምጪውና ተገላገዪ» አለ ዛኪር።

«አልጋው አይመጣም። መስመሩ ነው የሚሄደው።»

እንዴት እንደሚሄድ የነገረቻት ናርዶስ ናት። ከወርሃዊው በላይ የሚከፈል ብር ከዋናው ላይ ከተቀነሰ ወለድ አይነካውም፤ እንዳለ ቤት ይሆናል። አሰለፈች በየካቲት ከወርሃዊ ክፍያዋ ጋር አሥራ ሁለት ሺህ ብር ጨምራ ከፈለች። ሃያ ሳንቲ ሜትር ጠበቀች። በወሩ መጨረሻ ሂሳቡን ብትጠይቅ የተገፋው ያው አንድ ጣት ነው።

«አሥራ ሁለት ሺዬስ?» አለች ናርዶስን።

«ሲስተሙ የሚቀጥሉት ወራት ክፍያ አድርጎ አስቀምጦታል። ‹ከዋናው ይቀነስልኝ› የሚል ማመልከቻ አላስገቡማ።»

«ገንዘብ እየሰጠሁት ማመልከቻ ይፈልጋል?»

«ይፈልጋል፣ እትዬ።»

እዚህ ላይ የባንኩን ትሕትና አለማድነቅ አይቻልም። ወለድ ሲወስድ ማንንም አያስቸግርም፤ ዕዳ እንዲቀንስ ሲጠየቅ ግን በጽሑፍ፣ በቀን፣ በፊርማ ይሁን ይላል። ማመልከቻው ተጻፈ። ናርዶስ ሌላ ጥያቄ አመጣች፦ «ወርሃዊ ክፍያዎ ይቀነስልዎት፣ ወይስ ዘመኑ ይጠር?»

«ምን ልዩነት አለው?»

«ወርሃዊው ከቀነሰ አሁን ይቀልዎታል። ዘመኑ ካጠረ ኋላ ይቀልዎታል።»

«ኋላ ጉልበት የለኝም። ዘመኑ ይጠር።»

ሃያ ሳንቲ ሜትር ተገፋ። ግን እውነተኛው ድንቅ ነገር ከመጨረሻው በኩል ነው፤ እኔ ሂሳቡን ሁለት ጊዜ ነው የሠራሁት። ያቺ አሥራ ሁለት ሺህ ብር ከብድሩ ጅራት ላይ ስምንት ወር ከምናምን ቆረጠች! አሥራ ሁለት ሺህ ተከፍሎ ከሰባ ሺህ ብር በላይ ክፍያ ተሰረዘ። ምክንያቱ ቀላል ነው፦ ዛሬ ከዋናው የወጣ ብር ከዛሬ እስከ መጨረሻው ድረስ ወለድ አይወልድም። ቀድሞ የሚወጣ ብር ከባድ ነው፣ ዘግይቶ የሚወጣ ቀላል። በየወሩ ስድስት ሺህ ብቻ ብትጨምር መኝታ ቤቷ በሁለት ዓመት፣ ቤቱ በሙሉ በአራት ዓመት ተኩል ገደማ ያልቃል። ያኔ ሃምሳ ስድስት ዓመቷ ይሆናል፤ ጉልበቶቿ ምናልባት ይስማማሉ።

ስድስት ሺህ በወር ከየት ይመጣል? አሰለፈች አሰበች፣ ካልኩሌተሯን አወጣች፣ ቁጥሮቹን ሁለት ጊዜ መታች። በሳምንት ሺህ አምስት መቶ ማለት በወር ስድስት ሺህ አካባቢ ነው። ገንዘቡ እቁቡ ውስጥ አለ። ሠላሳ ሺህ ብር፣ ሃምሳ ሳንቲ ሜትር ቤት፣ በየዙሩ ይደርሳታል፤ ግን መጨረሻ ላይ ነው የሚደርሳት። አንደኛ ብትበላና ሃያኛ ብትበላ ያለው ልዩነት፣ በባንኩ ወለድ ሲሰላ፣ ሺህ ሰባት መቶ ሃምሳ አራት ብር ነው። ከአንድ ወር መደበኛ ክፍያዋ ቤቱ ከሚያገኘው ይበልጣል። አሥራ ስምንት ዓመት በኩራት የያዘችው መጨረሻ የመብላት ክብር ዋጋ ነበረው ማለት ነው፤ እስካሁን ተመን አልወጣለትም ነበር እንጂ።

በሚያዝያ መጨረሻ አዲስ ዙር ሲጀመር በስብሰባው ላይ ተነሳች። መስመሩ ሰማንያ አምስት ሳንቲ ሜትር ደርሷል።

«ዘንድሮ መጀመሪያ ልብላ።»

የእቁቡ ጸሐፊ ዘውዱ ብዕሩን አስቀመጠ። «እትዬ አሰለፈች፣ ዳኛ መጨረሻ ነው እኮ። እርስዎ ያወጡት ወግ ነው።»

«አወጣሁት፣ ልክ ነህ። ያኔ ቤት አልነበረኝም።»

«አሁንስ አለሽ?» አለ ዛኪር። «ሰማንያ አምስት ሳንቲ ሜትር!»

ሰው በሳቅ ፈረሰ። አንዱ ደግሞ «ለባንክ የሚሄድ እቁብ አይተን አናውቅም» አለ። ዛኪር ግን ሳቁን አቆመና እጁን አነሳ። «ወለድ ለመክፈል ቢሆን እኔ አልስማማም። ይሄ ግን ወለድን አንገቱን ለመቁረጥ ነው። መጀመሪያ ይሰጣት አልልም፣ ሁላችንም ችግር አለብን። ስሟ እንደ ሰው ዕጣ ውስጥ ይግባ።»

በድምፅ አለፈ። አሰለፈች በአሥራ ስምንት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ ስሟ ወረቀት ላይ ተጽፎ፣ ተጠቅልሎ፣ ቆብ ውስጥ ገባ። ወጣ። ሰባተኛ፤ የሃያውም ሰው ተራ በዚያው ቀን ይታወቃል።

አንደኛ የወጣላት ሙሉ ናት፤ ከአውቶቡስ መናኸሪያው አጠገብ ጫማ ትሸጣለች፣ ሠላሳ ሺውን ቴሌቪዥን ልትገዛበት ነው። አሰለፈች በማግሥቱ ሱቋ ሄዳ ተራ እንለዋወጥ አለቻት።

«ሺህ ብር ይጨምሩና ይውሰዱት» አለች ሙሉ።

«አምስት መቶ።»

«እትዬ፣ ሠላሳ ሺህ ብር ነው እኮ የሚደርስዎት!»

«ሠላሳ ሺው የኔው ነው፣ በሰባተኛው ሳምንትም ይደርሰኛል። የምገዛሽ ስድስት ሳምንት ነው። የአንዱ ሳምንት ዋጋ ዘጠና ሁለት ብር ከሠላሳ ሳንቲም፤ በስድስት ሲባዛ አምስት መቶ ሃምሳ አራት። ከዚያ በላይ ከከፈልኩ ከሰርኩ።»

የሱቁ በረንዳ ላይ ቆሞ የሚያዳምጠው ዛኪር ራሱን ነቀነቀ። «አለቀልን! ሴትዮዋ ባንክ ሆነችብን።»

ሙሉ ወደ ዘጠኝ መቶ ወርዳለች። አሰለፈች አምስት መቶ ሃምሳ አራት ላይ ቆማ፣ ከግራና ስትመለስ ሁለት ሣጥን ማንጎ አወርድልሻለሁ ብላለች፤ የማንጎው ዋጋ ስንት ሳንቲ ሜትር እንደሚሆን ግን ገና እያሰላች ነው። ቤቷ ሊሾው ላይ፣ በሰማንያ አምስቱ ላይ የእቁቡን ሃምሳ ጨምራ፣ ከበሩ አንድ ሜትር ከሠላሳ አምስት ሳንቲ ሜትር ርቀት፣ ደብዛዛ መስመር አስምራለች። ሶፋው እግር ሥር ያልፋል። ሙሉ እሺ እስክትል መስመሩን አታደምቀውም፤ ዛሬም ከገበያ በፊት ጫማ ቤቱ በር ላይ ቆማ ሙሉ ሱቋን እስክትከፍት እየጠበቀች ነው።